ከደጃፉ ያላለፈው ዘማሪ

ፑኔ የተማረ ኢትዮጵያዊ ካወቃችሁ ስለ ሰኔ ጠይቁት። በዝናቡ ይጀምርና ሳያስበው ስለ ሰልፉ ማውራት ይቀጥላል። ከተማዋ በምዕራብ ሕንድ፣ ማሃራሽትራ የሚባለው ክልል ውስጥ ናት። ብዙ የእኛ ልጆች ተምረውባታል፤ እኔም አንዱ ነኝ። በየዓመቱ ዝናቡ ሲገባ ዋና ዋና መንገዶቿ ይዘጋሉ። አውቶቡስ የለም፣ ባጃጅ የለም። ከዚያ ትንንሽ የናስ ሳህኖች እርስ በርስ ሲጋጩ ይሰማል፣ ከበሮ ይከተላል፣ ቀጥሎ ሰው ይመጣል። ሰው ስል መቶ ሁለት መቶ እንዳይመስላችሁ። ነጭ የለበሱ ገበሬዎች፣ ቅዱስ የሚሉትን የቱልሲ ተክል በራሳቸው ላይ የተሸከሙ ሴቶች፣ ሽማግሌዎች፣ ጎረምሶች። ቀኑን ሙሉ ያልፋሉ፤ አያልቁም።

በመሃል በሬዎች የሚጎትቱት ያጌጠ ሠረገላ አለ። የተሸከመው ከብር የተሠራ ጥንድ ጫማ ነው። የጫማው ባለቤት ከሰባት መቶ ዓመት በፊት ያረፈ የ21 ዓመት ገጣሚ ነው። ሰዎቹ ይህን ጫማ ተከትለው አላንዲ ከምትባል ከተማ ተነስተው 250 ኪሎ ሜትር ያህል በእግር ይሄዳሉ። ሦስት ሳምንት ገደማ ይፈጅባቸዋል። መድረሻቸው ፓንዳርፑር የምትባለው የቤተ መቅደስ ከተማ ናት። ራሳቸውን ዋርካሪ ይላሉ። ሥጋ አይበሉም፣ አይጠጡም፣ ከቱልሲ እንጨት የተሠራ መቁጠሪያ አንገታቸው ላይ ያስራሉ።

ስለ እነዚህ ሰዎች ለመጻፍ ስነሳ አእምሮዬ እየተመለሰ የሚቆመው አንድ ሰው ላይ ነው። ቾካሜላ ይባላል። መዝሙሮቹ በሰልፉ ላይ ይዘመራሉ። በሕይወቱ ሳለ ግን ቤተ መቅደሱ ውስጥ እግሩን እንዲያስገባ አልተፈቀደለትም። ወደ እሱ ለመድረስ ትንሽ መዞር ይኖርብኛል። (ዓመተ ምሕረቶቹ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

በአምላኩ ልጀምር። ቪሽኑ የሚባለውን አምላክ፣ ወይም በክሪሽና መልክ የመጣውን ቪሽኑን የሚያመልኩ ሂንዱዎች ቫይሽናቫ ይባላሉ። የማሃራሽትራ ሰዎች ክሪሽና ፓንዳርፑር ነው ያለው፤ ስሙ ቪትሃል ነው። ጥቁር ድንጋይ ነው። ዋሽንት አይነፋም፣ አይጨፍርም፣ ማንንም አይወጋም። ሁለት እጁን ወገቡ ላይ አድርጎ ጡብ ላይ ቆሟል። በቃ።

ስለ ጡቡ ያጫወቱኝ አከራዬ ናቸው። ሁላችንም «አጂ» ነበር የምንላቸው፤ አያቴ እንደ ማለት። ፑንዳሊክ የሚባል ሰው ነበር አሉ። ወላጆቹን የሚያስለቅስ ባለጌ ነበር። በኋላ ልቡ ተመለሰና ሌት ተቀን ያገለግላቸው ጀመር። አንድ ቀን አምላክ ራሱ ሊጎበኘው ደጁ መጣ። ፑንዳሊክ የወላጆቹን እግር እያሸ ነበር። አልተነሳም። አጠገቡ ያገኘውን ጡብ ወረወረለትና «እዚህ ላይ ቁም፣ ስጨርስ እመጣለሁ» አለው። አምላክም ጡቡ ላይ ቆመ። እስከ ዛሬ እንደቆመ ነው። አጂ ይህን ነግረውኝ ሲያበቁ ቀና ብለው አዩኝና «ለመሆኑ እናትህ ጋ ደውለሃል?» አሉኝ።

አንዳንድ ተመራማሪዎች ቪትሃል መጀመሪያ የእረኞች አምላክ እንደነበር ያስባሉ። ከካርናታካ እንደመጣም የሚያመለክት የቆየ መዝሙር አለ። ለዋርካሪዎቹ ይህ ብዙም ጉዳያቸው አይደለም። እነሱ «እናት» ነው የሚሉት። እርስ በርሳቸውም በመንገድ ላይ ወንዱም ሴቱም «ማውሊ» እየተባባሉ ነው የሚጠራሩት፤ ያው እናት ማለት ነው። ሲገናኙ ዝቅ ብለው አንዱ የሌላውን እግር ይነካል። ሽማግሌው የወጣቱን፣ ባለ መሬቱ የቀን ሠራተኛውን።

አሁን ወደ ጫማው ባለቤት ልምጣ። ድኛኔሽዋር ይባላል፤ በ1275 ተወለደ ይባላል። አባቱ ሚስቱን ትቶ መንኩሶ ነበር። መምህሩ ይህን ሲያውቅ «ወደ ቤትህ ተመለስ» ብሎ ላከው። ተመለሰ፣ አራት ልጆችም ወለደ፤ ሦስት ወንድና አንዲት ሴት። መንኩሶ የተመለሰ ሰው ግን በብራህሚኖቹ፣ ማለትም በካህናቱ መደብ፣ ሕግ ቦታ የለውም። ቤተሰቡ ተገለለ። ትውፊቱ እንደሚለው እናትና አባት ለልጆቻቸው ሲሉ ራሳቸውን ወንዝ ውስጥ ጣሉ። ያም ሆኖ ሊቃውንቱ ልጆቹን ቶሎ አልተቀበሏቸውም። ድኛኔሽዋር እጁን ጎሽ ላይ ጭኖ ጥንታዊውን ቅዱስ መጽሐፍ ቬዳን አስደገመው የሚባለው ያኔ ነው። አምላክ በሁሉም ውስጥ ካለ ጎሹ ውስጥም አለ ለማለት።

ተአምሩን ለፈለገ ትቻለሁ። እኔን የሚገርመኝ መጽሐፉ ነው። ባጋቫድ ጊታ የሚባለው የሂንዱዎች ቅዱስ መጽሐፍ በሳንስክሪት የተጻፈ 700 ስንኝ ነው። ሳንስክሪት ደግሞ ያኔ የካህናትና የሊቃውንት ቋንቋ ነበር፤ ገበሬው አይሰማውም፣ ሴት እንድትማረው አይፈቀድም ነበር። ይህ ልጅ ኔቫሳ በምትባል ቦታ ተቀምጦ ጊታን በማራቲ፣ ማለትም በገበያ ቋንቋ፣ ወደ 9,000 በሚጠጉ ስንኞች ተረጎመው፣ አብራራው፣ አስፋፋው። መጽሐፉ ራሱ የሚሰጠው ዘመን ከ1290 ጋር ይገጥማል። አሥራ አምስት ዓመቱ መሆኑ ነው። መጨረሻ ላይ አንድ ጸሎት አለ። ለራሱ የሚጠይቀው ነገር የለም። ክፉዎች ክፋታቸው እንዲለቃቸው፣ ፍጥረት ሁሉ እርስ በርሱ ወዳጅ እንዲሆን ብቻ ይለምናል። የማሃራሽትራ ተማሪዎች እስከ ዛሬ በቃላቸው ይሉታል።

በ1296 አላንዲ ላይ፣ ገና በሕይወት እያለ፣ ወደ መቃብሩ ገብቶ በተመስጦ እንዳረፈ ይታመናል።

ስለ እህቱ አንድ ነገር ሳልል አላልፍም። ሙክታባይ የሁሉም ታናሽ ናት። አንድ ቀን ወንድሟ ሰው ሰድቦት ተበሳጭቶ ጎጆው ውስጥ ራሱን ቆለፈ። እሷ በሩ ላይ ቆማ ግጥም በግጥም ታባብለው፣ ትገስጸውም ጀመር። ዓለም እሳት ቢሆን ቅዱስ ውኃ መሆን አለበት፤ በሩን ክፈት፣ ድኛኔሽዋር ሆይ። ግጥሞቹ «የበሩ መዝሙሮች» እየተባሉ ዛሬም ይዘመራሉ። በዚህ ሁሉ ታሪክ ውስጥ ሰው ጠይቆ የተከፈተ በር ካለ ይሄኛው ነው። ሌሎቹን እንያቸው።

ናምዴቭ የድኛኔሽዋር ዘመን ሰው ነው፤ የልብስ ሰፊዎች ልጅ። አውንዳ ናግናት በሚባል ቦታ ቤተ መቅደስ ፊት ለፊት ሲዘምር ካህናቱ «ዞር በል፣ ከኋላ ሂድ» አሉት። ከኋላ ሄዶ ዘመረ። ቤተ መቅደሱ ተሽከረከረና ፊቱን ወደ እሱ አዞረ ይባላል። ናምዴቭ እስከ ፑንጃብ ድረስ እንደተጓዘ ይነገራል፤ በሲኮች ቅዱስ መጽሐፍ ውስጥ 61 መዝሙሮቹ አሉ። ፓንዳርፑር ያለው ቤተ መቅደስ የመጀመሪያ ደረጃ በስሙ ይጠራል። እዚያ ሥር መቀበር የፈለገው የምእመናን እግር እንዲረግጠው ነው ይላሉ።

በእሱ ዙሪያ የተሰበሰቡትን ተመልከቱ። ጎራ ሸክላ ሠሪ ነው። ናራሃሪ ወርቅ ሠሪ። ሴና ፀጉር አስተካካይ። ሳቫታ አትክልተኛ ነው። ሽንኩርቱና ጎመኑ ራሱ ቪትሃል ነው እያለ ከማሳው ሳይነቃነቅ ኖረ፤ አምላክ ነው ወደ እሱ የሄደው ይላሉ። ስለ ጎራ የሚወራው ደግሞ ያስቀኛል። አንድ ቀን ቅዱሳኑ ሁሉ ተሰብስበው ሳለ ሙክታባይ «እስቲ የትኛው ድስት በደንብ እንደበሰለ ፈትሽልን» አለችው። ጎራ ሸክላ የሚፈትሽበትን እንጨት አነሳና የእያንዳንዱን ጭንቅላት ኳ ኳ እያደረገ ዞረ። ሁሉም ዝም አሉ። ናምዴቭ ብቻ ተቆጣ። «ይሄኛው ጥሬ ነው» ተባለ።

እዚህ ላይ የራሳችን ጉድ ትዝ አለኝ። እኛም ሸክላ ሠሪውን፣ ቀጥቃጩን፣ ፋቂውን «ቡዳ» እያልን ስንፈራና ስንንቅ ነው ያደግነው። ድስቱን እንገዛለን፣ ድስቱን ከሠራችው ቤት ግን አንጋባም። ከእነሱ መካከል ስንቱ ገጥሞ ይሆን? ማንስ ጻፈለት? ማሃራሽትራዎች ቢያንስ የሸክላ ሠሪውን ስም ይዘው ሰባት መቶ ዓመት ተጉዘዋል።

ግን ሸክላ ሠሪው ቤተ መቅደስ መግባት ይችል ነበር። ቾካሜላ አልቻለም። ማሃር ከሚባለው ማኅበረሰብ ነው። ማሃሮች «የማይነኩ» ከተባሉት ነበሩ። የሞተ ከብት ይጎትቱ፣ የመንደሩን ቅጥር ይጠግኑ፣ ከመንደሩ ውጭ ይኖሩ፣ ትራፊ ይበሉ ነበር። ቾካሜላ የናምዴቭ ደቀ መዝሙር ሆነ። ዘመረ፣ ሚስቱ ሶየራባይም ዘመረች፣ እህቱ፣ የሚስቱ ወንድም፣ ልጁም ዘመሩ። አንድ ቤት ሙሉ ገጣሚ!

አፈ ታሪኩ ብዙ ነው። አምላክ በሌሊት እጁን ይዞ ወደ ውስጥ አስገባው፤ ጠዋት ካህናቱ ደርሰውበት ከወንዙ ማዶ አባረሩት። አምላክ እቤቱ መጥቶ አብሮት በላ፤ እርጎ ሲፈስ የአምላክ ልብስ ላይ ታየ። የቾካሜላ መዝሙሮች ግን ከአፈ ታሪኩ ይልቅ ስል ናቸው። በአንዱ የሚለው በግርድፉ እንዲህ ነው፦ ሸንኮራ አገዳ ጠማማ ነው፣ ጣዕሙ አይጣመምም። ወንዝ ጠማማ ነው፣ ውኃው አይጣመምም። ቾካ ጠማማ ነው፣ ልቡ አይደለም። ታዲያ ለምን ላይ ላዩን አይታችሁ ትታለላላችሁ?

ሶየራባይ ደግሞ ቀጥታ ትጠይቃለች። ሥጋ ርኩስ ነው ትላላችሁ፤ እሺ፣ ያለ እርኩሰት የተወለደ አካል አሳዩኝ። በሕይወቷ ውስጥ ከደጅ የተመለሰች ሴት ናት። ዛሬ ግጥሞቿ በትልልቅ የሙዚቃ መድረኮች ይዘመራሉ።

ልጃቸው ካርማሜላ ሁለቱንም ይበልጣል፤ በንዴት። አባቱ አንዳንዴ ዕጣውን በቀደመ ሕይወት በተሠራ ጥፋት ያመካኛል። ልጁ ማመካኛ አይፈልግም። አምላክን ፊት ለፊት ነው የሚያናግረው። ዝቅ አድርገህ ፈጠርከን፣ ዕድሜያችንን ሙሉ ትራፊ በላን፣ አንተ ግን አታፍርም ወይ? ይህን ያለው በ14ኛው ክፍለ ዘመን የኖረ ሰው ነው።

ቾካሜላ በ1338 ማንጋልቬዳ ከተማ ላይ ቅጥር ሲሠራ ግድግዳው ተደርምሶበት ከሌሎች ሠራተኞች ጋር ሞተ። ናምዴቭ አስከሬኑን ሊፈልግ ሄደ። አጥንቶቹ «ቪትሃል፣ ቪትሃል» የሚል ድምፅ እያሰሙ ራሳቸውን አስታወቁት ይባላል። አምጥቶ ፓንዳርፑር ቀበረው። የት? ከዋናው በር ውጭ፣ ከናምዴቭ ደረጃ ፊት ለፊት። ሞቶም አልገባም።

ይህን ካነበብኩ በኋላ በሌሎቹ የሕንድ ክልሎች ያሉትን የቫይሽናቫ ታሪኮች አገላብጬ ሳይ አንድ ነገር አስገረመኝ። በየቦታው በር ላይ የቆመ ሰው አለ። በታሚል ምድር ከብዙ ዘመን በፊት ቪሽኑን የዘመሩ አሥራ ሁለት አልቫሮች ነበሩ፤ አንዷ አንዳል የምትባል ሴት ናት። ከመካከላቸው ቲሩፓን የሚባለው «ዝቅተኛ» ስለነበር የስሪራንጋም ቤተ መቅደስ ካለበት ደሴት ላይ እግሩን አያሳርፍም ነበር። ከካቬሪ ወንዝ ዳር ቆሞ ይዘምራል። አንድ ካህን ድንጋይ ወረወረበት። ሌሊት አምላክ ካህኑን ተቆጣው፤ በማግስቱ ካህኑ ቲሩፓንን ትከሻው ላይ አዝሎ አስገባው።

ወደ ካርናታካ እንሂድ። በ16ኛው ክፍለ ዘመን የእረኞች ልጅ የሆነው ካናካዳሳ ኡዱፒ ወዳለው የክሪሽና ቤተ መቅደስ ሄደ፤ ከለከሉት። ከኋላ ቆሞ ሲዘምር ግድግዳው ተሰነጠቀ፣ የክሪሽና ምስል ዞሮ አየው። ያቺ መስኮት ዛሬም በስሙ ትጠራለች። ፑሪ ላይ ደግሞ ከቤንጋል የመጣው ታላቁ ቻይታንያ (1486–1534) ሃሪዳስ የሚባል፣ ከሙስሊም ቤተሰብ የተወለደ ወዳጅ ነበረው። ሃሪዳስ ወደ ጃጋናት ቤተ መቅደስ አይገባም። ቻይታንያ በየቀኑ እየሄደ ይጠይቀው ነበር።

እንግዲህ ልብ በሉ። ቤተ መቅደስ ይሽከረከራል። ግድግዳ ይሰነጠቃል። ድንጋይ የሆነ አምላክ አንገቱን ያዞራል። አንድ ቀላል ነገር ብቻ አይሆንም፤ ሰው ተነስቶ በሩን አይከፍትም። ቲሩፓን እንኳን የገባው ለብቻው ነው፤ ከኋላው ሌላ የሱ ወገን አልተከተለም። እኔ እነዚህን ተአምራት ስሰማ ደስ ይለኛል፣ ወዲያው ደግሞ ይከፋኛል። ተአምሩ የተበደለውን ሰው ክብር ይመልሳል። ደንቡን ግን ሳይነካው ያልፋል። ካህኑም አብሮ ያለቅሳል፣ አብሮ ይዘምራል፣ በነጋታው በሩ ላይ ይቆማል።

ከዚህ ለየት ያለብኝ በሰሜን ምሥራቅ ሕንድ ያለው የአሳሙ ሻንካርዴቭ ነው። በ1449 ተወልዶ በ1568 እንዳረፈ ይነገራል። በየመንደሩ ናምጋር የሚባል የጸሎት አዳራሽ እንዲሠራ አደረገ። ጣዖት የለበትም፤ መንበሩ ላይ የሚቀመጠው መጽሐፍ ነው። የተዘጋውን በር ከማንኳኳት ሌላ ቤት ሠራ ማለት ነው። ስለ እሱ ሌላ ጊዜ ሰፋ አድርጌ እጽፋለሁ፤ አሁን ወደ ማሃራሽትራ።

ሴቶቹን ዘልዬ እንዳልሄድ። ጃናባይ የናምዴቭ ቤት አገልጋይ ነበረች። ትፈጫለች፣ ትጠርጋለች፣ ኩበት ትለቅማለች። በመዝሙሮቿ ውስጥ ቪትሃል መጥቶ አብሯት ይፈጫል። መጥረጊያውን ይቀበላታል፣ ፀጉሯን ያበጥርላታል። ቾካሜላ በር ላይ ሲቆም ለጃናባይ በሩ ጓዳ ድረስ የተከፈተ ነው፤ ምክንያቱም አምላክ ራሱ ነው ወጥቶ የመጣላት። የማሃራሽትራ የገጠር ሴቶች ሌሊት ወፍጮ ላይ ተቀምጠው ሲዘምሩ ኖረዋል። በክልሉ የተካሄደ አንድ የምርምር ሥራ ከ100,000 በላይ እንዲህ ያሉ የወፍጮ ስንኞች ሰብስቧል። ስለ ባል፣ ስለ አማት፣ ስለ ወንድም፣ ስለ ፓንዳርፑር።

ባሂናባይ (1628–1700) ሌላ ናት። ብራህሚን ናት፤ ገና ሕፃን ሳለች ለትልቅ ሰው ተዳረች። መምህሯ እንዲሆን የመረጠችው ከታችኛው መደብ የሆነውን ገጣሚ ቱካራምን ነው። ባሏ ደበደባት። ሕይወቷን በግጥም ጽፋለች፤ ቅዱሳት መጻሕፍቱ ሴትን እንዴት እንደሚያዩም ሳትሸፋፍን ታነሳለች። የዋርካሪዎቹን ታሪክ እንደ ሕንፃ የሳለችው እሷ ናት። መሠረቱን የጣለው ድኛኔሽዋር፣ ጉልላቱ ቱካራም።

በመካከል ኤክናት አለ (1533–1599)፤ የፓይታን ብራህሚን ሊቅ። የድኛኔሽዋርን መጽሐፍ በ1584 ከስህተት አጥርቶ ያዘጋጀው እሱ ነው። ከማሃር ቤት በልቷል ተብሎ ብዙ ተወርቶበታል። እሺ፣ እሱ ወደ ውጭ መውጣት ይችል ነበር። የማሃሩ ወደ ውስጥ መግባት ነው ያስቸገረው።

ቱካራም ግን የሁሉም ወዳጅ ነው። ዴሁ የምትባል መንደር ባለ ሱቅ ነበር። በ1630 አካባቢ ደካን በሚባለው አምባ ምድር ላይ የወረደው ረሃብ ንግዱን አወደመው፣ የመጀመሪያ ሚስቱንና ልጁን ነጠቀው። ከዚያ በኋላ ያለው ሰውዬ ሌላ ሰው ነው። ሰዎች ያለባቸውን ዕዳ የተጻፈበትን ወረቀት ኢንድራያኒ ወንዝ ውስጥ ወረወረ ይባላል። ወደ 4,500 የሚሆኑ አባንግ የሚባሉ መዝሙሮች በስሙ ይገኛሉ። ቋንቋው የገበያ ነው። አምላክን ይለምናል፣ ይሰድባል፣ ይቀልድበታል፣ ያኮርፈዋል። ዝቅ ካለ መደብ ሆኖ ስለ አምላክ መጻፉ ያስቆጣው አንድ ብራህሚን ደብተሮቹን ወንዝ እንዲጥል አስገደደው። ቱካራም ወንዙ ዳር ተቀምጦ ጾመ። በአሥራ ሦስተኛው ቀን ደብተሮቹ ሳይርሱ ተንሳፈፉ ይላሉ። በ1650 አካባቢ ጠፋ። ዋርካሪዎቹ ወደ ሰማይ አረገ ይላሉ፤ ጠላቶቹ ገድለውታል ብለው የሚጠረጥሩም አልጠፉም።

የሰልፉ አሠራር የመጣው ከሱ በኋላ ነው። ልጁ ናራያን በ1685 የአባቱንና የድኛኔሽዋርን ጫማ አንድ ላይ ይዞ መጓዝ ጀመረ። በ19ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ሃይባትባባ የሚባል የቀድሞ የቤተ መንግሥት ባለሟል የድኛኔሽዋርን ለብቻው አደራጀው። ወታደራዊ ሥርዓት ያለው ይመስላል። ተጓዦቹ ዲንዲ በሚባሉ ቡድኖች ይከፈላሉ፤ እያንዳንዱ ዲንዲ ተራው የታወቀ ነው፣ ምግብ አብሳይ አለው፣ ጭነት መኪና አለው። መንገድ ላይ ሜዳ ሲያገኙ ክብ ይሠራሉ፤ ጋላቢ የሌለው ፈረስ በመሃላቸው ይሮጣል። ድኛኔሽዋር ተቀምጦበታል ነው የሚሉት። ፑኔ ሲደርሱ የከተማው ሰው ምግብ ያቀርባል፣ ጫማ ሰፊዎች በነፃ ይሰፋሉ፣ ፀጉር አስተካካዮች በነፃ ይላጫሉ። በ2020 በኮሮና ምክንያት መንገዱ ሲከለከል ጫማዎቹ ከጥቂት ሰዎች ጋር በአውቶቡስ ሄዱ። አጂ ያን ቢያዩ ምን ይሉ ነበር እላለሁ።

ኢራዋቲ ካርቬ የሚባሉ የፑኔ አንትሮፖሎጂስት ከዋርካሪዎቹ ጋር ተጉዘው ጽፈዋል፤ በእንግሊዝኛ የታተመው በ1962 ነው። ማሃራሽትራ ማለት ሕዝቡ ወደ ፓንዳርፑር የሚሄድበት ምድር ነው ብለው ደመደሙ። ጽሑፉን የወደድኩት ግን ለሌላ ምክንያት ነው። አብረው በሚሄዱት ቡድን ውስጥ ብራህሚኖቹና ሌሎቹ ለየብቻ እንደሚበሉ አዩ። ቀኑን ሙሉ አንድ መዝሙር ይዘምራሉ፤ ምሳ ሲደርስ ሁለት ቦታ ይቀመጣሉ። ይህን አይተው አዘኑ፣ ማዘናቸውንም ጻፉ። ብዙ ምሁር ይህን ዘሎ የመዝሙሩን ውበት ብቻ ነበር የሚያወራው።

በሩስ? በሩ የተከፈተው በ1947 ነው። ቾካሜላ ከሞተ ከስድስት መቶ ዓመት በኋላ ማለት ነው። ሳኔ ጉሩጂ የሚባሉ አስተማሪ፣ ደራሲና የነፃነት ታጋይ በየከተማው እየዞሩ ሕዝቡን ቀሰቀሱ። ከዚያ ግንቦት 1 ቀን በአውሮፓውያን አቆጣጠር ፓንዳርፑር ላይ የረሃብ አድማ መቱ። አሥር ቀን ያህል ቆዩበት፤ በመጨረሻ እሺ ተባለ። ሕንድ ነፃ የወጣችው ከሦስት ወር በኋላ ነው። ግድግዳ አልተሰነጠቀም፣ ምስል አልዞረም። አንድ ሰው ምግብ አልበላም አለ፣ ሌሎች ሰዎች ተጨነቁ፣ ደንቡ ተለወጠ።

ለ«የማይነኩት» መብት ለታገሉት ለዶክተር አምቤድካር ግን ይህ ዘግይቶ የመጣ ነገር ነበር። እሳቸውም ማሃር ናቸው። አባታቸው መዝሙር የሚወዱ ሰው ነበሩ። በ1920 የመሠረቱት ጋዜጣ ግንባሩ ላይ የቱካራም ስንኝ ነበረበት። ሚስታቸው ራማባይ ፓንዳርፑር ለመሄድ ትመኝ ነበር። እሳቸው ግን ምእመኑን በር ላይ የሚያስቆም ፓንዳርፑር ምን ያደርግልናል፣ የራሳችንን ሌላ ፓንዳርፑር እንሠራለን እንዳሏት ይነገራል። እሷ በ1935 ሞተች። በዚያው ዓመት አምቤድካር ሂንዱ ሆኜ አልሞትም ብለው በአደባባይ ተናገሩ። በ1956 ናግፑር ላይ ከብዙ መቶ ሺህ ሰዎች ጋር ቡድሂስት ሆኑ። ያም ሆኖ በ1948 ስለ «የማይነኩት» ያሳተሙትን መጽሐፍ ለሦስት ቅዱሳን መታሰቢያ አድርገውታል፤ አንዱ ቾካሜላ ነው።

አንድ የክፍል ጓደኛዬ ከእነዚያ ቡድሂስት ከሆኑት ቤተሰቦች ነበር። ሰልፉ ፑኔ ሲገባ አይወጣም። አንድ ጊዜ «ና አብረን እንይ» አልኩት። «አንተ ሂድ» አለኝ። በቾካሜላ ጉዳይ ብዙ ተከራክረናል። እኔ ስለ ሸንኮራ አገዳው ግጥም አወራለሁ፤ እሱ «ስድስት መቶ ዓመት ሙሉ ጥሩ ግጥም ነው እያሉ በር ላይ አስቀመጡት» ይለኛል። መልስ አልነበረኝም። አሁንም ያለኝ አይመስለኝም። በ2014 የሕንድ ከፍተኛው ፍርድ ቤት በውርስ ቤተ መቅደሱን ይዘው የነበሩትን የካህናት ቤተሰቦች መብት አበቃለት አለ። ቤተ መቅደሱም ከየትኛውም መደብ የመጡ አገልጋዮችን፣ ሴቶችንም ጭምር ለመቅጠር ማስታወቂያ አወጣ። ዜናውን ላኩለት። «ጥሩ ነው» ብሎ መለሰልኝ፤ ሌላ ቃል አልጨመረበትም።

ሰልፉ በሚደርስበት በበዓሉ ዕለት ፓንዳርፑር ያለው ሰው ብዛት ለመግባት አያስችልም። ወረፋው ሰዓታት ይፈጃል፣ አንዳንዴ ከቀን ያልፋል። ስለዚህ ያን ሁሉ መንገድ የተጓዙ ብዙ ዋርካሪዎች ውስጥ አይገቡም። በወንዙ ይታጠባሉ፣ የናምዴቭን ደረጃ ይሳለማሉ፣ እዚያው አጠገብ የቾካሜላን መቃብር ይሳለማሉ፣ ጉልላቱን ቀና ብለው አይተው ወደ እርሻቸው ይመለሳሉ። አጂም በወጣትነታቸው የሄዱ ጊዜ እንዲያ አድርገው ነው የተመለሱት። ቅር አላላቸውም።

ይህን ለጓደኛዬ ነገርኩት። እነሱ ወረፋ ረዝሞባቸው ነው፣ እሱን ግን ከልክለውት ነው አለኝ። እውነቱን ነው። ከዚያ ጠየቅኩት፤ በሰልፉ የቾካሜላን መዝሙር ደጋግሜ ሰምቻለሁ፣ የልጁን የካርማሜላን ግን ሰምቼ አላውቅም፣ ለምንድን ነው? ሳቀ። «እሱን ከፈለግክ እኛ ሰፈር ና» አለኝ።